ዴፍ ስሚዝ የሚለው ታፔላ

ሰሞኑን ደብሮኛል። ለምን ብትሉኝ የምመልሰው የለኝም። ዛሬ ጭነት ይዤ ከቴክሳሷ አማሪሎ ወደ ክሎቪስ ስሄድ ሬዲዮ እንኳን አልከፈትኩም። በሀይዌይ 60 ሄርፎርድ ልደርስ ስል የከብቱ ሽታ ጋቢና ውስጥ ገባ። አካባቢው ከብት የሚደለብበት ነው። ያ ታፔላም እዚያው አለ። «ዴፍ ስሚዝ ካውንቲ» ይላል።

እስቲ ወደ አማርኛ መልሱት። ደንቆሮ ስሚዝ። በእኛ ቋንቋ ይህ ቃል ጆሮ ላይ አይቆምም፤ ጭንቅላትንም ጨምሮ ይሳደባል። ሰፈር ውስጥ ታላቅ ወንድሜን፣ ጋሼን፣ ስንቴ ጠርተውበታል! እሱ አይሰማም። የምሰማው እኔ ነበርኩ።

ሰውየው ኢራስተስ ስሚዝ ነው። በፈረንጆቹ 1787 ኒው ዮርክ ውስጥ ተወለደ። በልጅነቱ የያዘው በሽታ ጆሮውን ጎዳው። ቴክሳስ የሜክሲኮ በነበረችበት ጊዜ፣ በ1821 መጥቶ ቀረ። በዓመቱ ሳን አንቶኒዮ ውስጥ ጓዳሉፔ ሩይዝ የምትባል የአገሬውን ሴት፣ ባሏ የሞተባትን፣ አገባ። በ1835 ቴክሳስ ውስጥ በሜክሲኮ ላይ አመፅ ሲነሳ ከየትኛውም ወገን አልነበረም። ከሰሜን የመጡት ወገኖቹ በአንድ በኩል፣ የሚስቱ አገር በሌላ በኩል። እንዴት ይምረጥ? አንድ ቀን ወደ ከተማው ሲመለስ የሜክሲኮ ዘበኞች አናስገባህም አሉት። ሚስቱና ልጆቹ ያሉት ውስጥ ነው። ዞሮ አመፀኞቹን ተቀላቀለ። ስለ ነጻነት ከተጻፈው ሁሉ ይልቅ ይህቺ ትገባኛለች። ቤትህ በር ላይ ቆመህ አትገባም መባል።

ከዚያ በኋላ የአመፀኞቹ ጦር ዓይን እሱ ሆነ። ቃኚ ማለት መጀመሪያ የሚያይ ሰው ነው። በታኅሣሥ 1835 ሳን አንቶኒዮን ለመያዝ ሲዋጉ መንገድ መርቶ ቆሰለ። በሚያዝያ 1836 ደግሞ የሜክሲኮን መልእክተኛ ከነደብዳቤው ያዘ። የሜክሲኮው መሪ የሳንታ አና ጦር የት እንዳለ የታወቀው ከዚያ ነው። አመፀኞቹ ባሸነፉበት በሳን ሃሲንቶ ውጊያ ቀን፣ መሸሻ እንዳይኖር የቪንስን ድልድይ አፈረሰ። ውጊያው 18 ደቂቃ ገደማ ነው የፈጀው።

አብሮት ይሰልል የነበረው ሄንድሪክ አርኖልድ የእንጀራ ልጁ ባል ነው፤ ጥቁር፣ ነጻ ሰው። እነሱ እየተዋጉ ሳለ የወጣው፣ ራሷን የቻለችው የቴክሳስ ሕገ መንግሥት ግን ነጻ ጥቁር ሰው ያለ ኮንግረሱ ፈቃድ አገሪቱ ውስጥ በቋሚነት አይኖርም አለ። ይህን ሳስብ ሁሌም ያመኛል። ስሚዝ ምን ብሎ ይሆን? በ1837 በ50 ዓመቱ ሞተ። ፊቱን በያኔው የቴክሳስ ሪፐብሊክ አምስት ዶላር ላይ አተሙት።

እኔን የያዘኝ ግን ሌላ ነው። ሳን አንቶኒዮ ያለው የአመፀኞቹ ምሽግ አላሞ በመጋቢት 1836 ሲወድቅ የሆነውን እንዲያጣራ አዛዣቸው ጄኔራል ሂዩስተን የላከው ስሚዝን ነበር። መንገድ ላይ ሱዛና ዲኪንሰንን አገኛት። ባሏ እዚያው ተገድሏል፤ ሕፃን ልጇን ይዛለች። መርዶው በእሷ አፍ ነው የመጣው። እሱ ግን ቃሏን በደንብ አይሰማም። ገና ከሩቅ ፊቷን ሲያይ የገባው ይመስለኛል።

እንዲህ የምለው ጋሼን ስላየሁ ነው። አባታችን ክፍለ ሀገር ሄዶ ያረፈ ጊዜ፣ ጎህ ሲቀድ ሽማግሌዎች መጡ። «ደህና አደራችሁ» ብለው ግቢው ውስጥ ቆሙ። ማን ይጀምር እየተባባሉ ይተያያሉ። ጎረቤታችን የነጠላዋን ጫፍ በጡጫዋ ጨምድዳ ይዛዋለች። ጋሼ ጡጫዋን አየ። ፊቷን አየ። ከዚያ በደንዳናው ድምፁ ጮኸና ደረቱን መታ። እኛ ሰሚዎቹ ገና የሚነገረንን እንጠብቅ ነበር። እናታችን ያወቀችው ከእሱ ነው።

አሁን በቪዲዮ ነው የምንገናኘው። በቤታችን ምልክት፣ በእጅ እናወራለን። «ደህና ነኝ» ስለው እጄን አያይም፤ ፊቴን ነው የሚያየው። ማታ ነዳጅ ስሞላ ስልኬን ሳይ ሦስት ጊዜ ደውሏል። ጋቢና ውስጥ ተቀምጬ መስተዋቱን አየሁ። ምን አይቶብኝ ይሆን ሦስቴ የደወለው?