ወርቅ የማይመስለውን ወርቅ እንዴት ለየሁት

ልጅነቴን ያሳለፍኩት ፒያሳ፣ አጎቴ ወርቅ ቤት ውስጥ ነው። ወርቅ ሲባል የሚታየኝ ቢጫ ነገር ነበር። ካላቨራይትን እስካገኘው ድረስ።

አሁን የምኖረው ኮሎራዶ፣ ኦሮራ ነው። ሁለት ሰዓት ገደማ ነድቼ ክሪፕል ክሪክ እደርሳለሁ። በጠፋ እሳተ ገሞራ ላይ የተቆረቆረች የማዕድን ከተማ ናት። እዚያ አብዛኛው ወርቅ የተገኘው ለብቻው ሳይሆን ቴሉሪየም ከሚባል ንጥረ ነገር ጋር ተዋህዶ ነው። ከእነዚህ ውህዶች ዋነኛው ካላቨራይት ነው። ስሙ መጀመሪያ ከተገኘበት ከካሊፎርኒያው ካላቬራስ ካውንቲ የመጣ ነው። ከክብደቱ 43 በመቶ ገደማው ንጹህ ወርቅ ነው። መልኩ ግን የፈዘዘ ናስ፣ አንዳንዴም ብር ይመስላል። እ.ኤ.አ. በ1914 ክሬሰን በሚባለው ማዕድን ማውጫ፣ ግድግዳው በእንዲህ ያሉ ማዕድናት የተሸፈነ ክፍል የሚያህል ዋሻ ተገኝቷል። ይህን ካነበብኩ በኋላ አንዲት ቁራጭ ካልያዝኩ እንቅልፍ አልወስድ አለኝ።

የመጀመሪያውን በኢንተርኔት ገዛሁ። ቢጫ ነው፣ ያብረቀርቃል። ሳምንት ሙሉ ለሰው ሳሳይ ከረምኩ። ከዚያ በመርፌ ጫርኩት፤ ጭረት እንኳ አልወጣበትም። ካላቨራይት ለስላሳ ነው፤ ሞስ በሚባለው የማዕድን ጥንካሬ መለኪያ ከ2.5 እስከ 3 ነው። ወርቅ የሚመስለው ፓይራይት ግን 6 ያልፋል። የተሸጠልኝ ፓይራይት ነበር፣ የብረትና የድኝ ውህድ። በጣም አናደደኝ።

ሁለተኛውን የገዛሁት ዴንቨር በሚካሄደው የማዕድናት ትርኢት ላይ በአይኔ አይቼ ነው። ኳርትዝ የሚባል ነጭ ድንጋይ፣ ጥግ ጥጉን ፍሎራይት የሚባል ሐምራዊ ማዕድን፣ መሀሉ ላይ ቀጫጭን ግራጫማ ዘንጎች። ቤት ወስጄ በክር አንጠልጥዬ ውሃ ውስጥ መዘንኩት። ካላቨራይት እኩል መጠን ካለው ውሃ 9 እጥፍ ይከብዳል። የእኔ 2.7 ወጣ። እንደገና ተታለልኩ ብዬ ተስፋ ቆረጥኩ። ለካ የመዘንኩት ኳርትዙን ነው! ማዕድኑ ከድንጋዩ ካልተለየ ሚዛን ምንም አይነግርህም።

ጂኦሎጂ የሚያስተምር ወዳጄ ጋ ይዤው ሄድኩ። ከዘንጎቹ ጫፍ ትንሽ ፍርፋሪ በመርፌ ፈነቀለ። ስብራቱ ወጣ ገባ ነበር። የካላቨራይት ዘመድ የሆነው ሲልቫናይት ቢሆን ኖሮ ለጥ ባለ ገጽ ይሰነጠቅ ነበር፤ ብርም አለበት። ፍርፋሪውን ከሰል ላይ አድርጎ፣ ጭስ መምጠጫው ስር፣ በቀጭን ነበልባል መታው። ወዲያው ቀለጠ። እሳቱ ሰማያዊ አረንጓዴ ሆነ፤ ከሰሉ ላይ ነጭ አመድ መሰል ነገር ተዘረጋ። ሲበርድ በማጉያ መነጽር አየሁት። ከሰናፍጭ ፍሬ የምታንስ፣ ድቡልቡል፣ አጎቴ መስኮት ላይ ያሉትን የምትመስል ቢጫ ወርቅ!

ይህን ቤት ውስጥ እንዳትሞክሩት፤ የቴሉሪየም ጭስ መርዝ ነው። ጥቂቱ እንኳ ሰውነት ውስጥ ከገባ ትንፋሽን ለቀናት ነጭ ሽንኩርት ነጭ ሽንኩርት ያሰኘዋል።

ለአጎቴ በቪዲዮ ደውዬ ሁለቱንም አሳየሁት። ድቡልቡሏን አየት አድርጎ አለፋት። ግራጫውን ድንጋይ ግን «እስቲ ጠጋ አድርገው» እያለ አስር ደቂቃ አስያዘኝ።