የቀትር ጥላ ሲዞር፦ የ2019 ዓ.ም. የአዲስ ዓመት መልእክት

ወዳጆቻችን፣ እንኳን ከዘመነ ማርቆስ ወደ ዘመነ ሉቃስ በሰላም አሸጋገራችሁ!

የዘንድሮው መልካም ምኞታችን ስለ ጊዜ፣ ስለ ብርሃንና ስለ ጥላ ያለንን እምነት ይዞ ይመጣል። እምነቱ ባጭሩ ይህ ነው፤ ብርሃን ጊዜን ያመጣል፣ የሚያስነብበን ግን ጥላ ነው። ፀሐይን ትክ ብሎ ማየት የሚችል ዓይን የለም፤ ከእግሩ ሥር ያለውን ጥላ ያየ ሰው ግን ጠዋት ይሁን ቀትር፣ በጋ ይሁን ክረምት ይለያል። ሌሊት የምንለውም ምድር በራሷ ላይ የምትጥለው ጥላ ነው፤ እሱ ባይኖር አንዱን ቀን ከሌላው ለይተን የምንቆጥርበት ባልነበረን። ስለዚህ "የጨለመ ዓመት ነበር" ብላችሁ የምትሸኙት ዓመት ካለ፣ ጊዜ በጉልህ የጻፈበት ዓመት እንደሆነ አድርጋችሁ ብታዩት እንወዳለን።

አሁን ወደ ምድሩ እንውረድ። አዲስ አበባ ከምድር ወገብ በስተ ሰሜን 9 ዲግሪ ላይ ስለምትገኝ ፀሐይ በዓመት ሁለት ጊዜ ልክ በአናቷ ላይ ታልፋለች፤ ሚያዝያ 5 እና ነሐሴ 24 ገደማ። በእነዚህ ሁለት ቀናት ቀትር ላይ ቀጥ ብሎ የቆመ ዘንግ ጥላ የለውም። በመካከላቸው ባሉት ወራት፣ ማለትም ክረምቱን ከሞላ ጎደል፣ የቀትር ጥላ የሚወድቀው ወደ ደቡብ ነው። ከነሐሴ 24 በኋላ ወደ ሰሜን ይዞራል። ልብ በሉ፤ መስከረም ከመጥባቱ ሁለት ሳምንት ገደማ አስቀድሞ፣ ሰማዩ በደመና ተሸፍኖ ሳለ፣ ማንም ሳያየው ጥላው ወገን ለውጧል ማለት ነው። ችቦው ሲበራ፣ አደዩ ሲፈነዳ እኛ የምናከብረው ቀድሞ የተፈጸመውን ነው። የእምነታችን ልቡ እዚህ ላይ ነው፤ ዘመን የሚለወጠው ከመታወጁ በፊት ነው። በኑሯችሁ ምንም አልተለወጠም የምትሉ ወዳጆች፣ የእናንተም ነሐሴ 24 ከደመናው በላይ አልፎ ይሆናል።

ይህን በቃል ብቻ አትቀበሉን፤ በዓሉ ዕለት መለካት ይቻላል። የሚያስፈልገው 1 ሜትር ቁመት ያለው ቀጥ ያለ ዘንግ፣ ክር፣ ጠመኔና የተስተካከለ ወለል ነው። ወለሉን በውሃ ልክ አረጋግጡ፤ ዘንጉን አቁሙና በቱምቢ ከሁለት አቅጣጫ ፈትሹት። በዘንጉ ሥር ክር አስራችሁ ከዘንጉ ዙሪያውን 50 ሴንቲ ሜትር የሚርቅ ክብ በጠመኔ ሣሉ። በመስከረም 1 የጥላው ጫፍ ከረፋዱ 4 ሰዓት ተኩል አለፍ ሲል ክቡን ነክቶ ወደ ውስጥ ይገባል፤ ከቀኑ 8 ሰዓት አለፍ ሲል ደግሞ በሌላው ወገን ነክቶት ይወጣል። ሁለቱንም ቦታ ምልክት አድርጉ። በምልክቶቹ መካከል ያለውን እኩሌታ አግኝታችሁ ከዘንጉ ሥር ጋር በመስመር ስታገናኙት እውነተኛውን ሰሜንና ደቡብ አገኛችሁ። ቀትር የሚባለው ጥላው በዚህ መስመር ላይ ሲያርፍ ነው፤ ርዝመቱ አዲስ አበባ ላይ ወደ 8 ሴንቲ ሜትር ይሆናል፣ ወደ ሰሜን።

ብዙ ሰው የሚሳሳተው ሰዓቱን አምኖ ነው። የእጅ ሰዓት ልክ 6 ሲል ፀሐይ ገና መካከል አልደረሰችም። የአገራችን ሰዓት የተስተካከለው ከአዲስ አበባ በስተ ምሥራቅ ባለው የ45 ዲግሪ የኬንትሮስ መስመር ስለሆነ፣ በዓሉ ዕለት በከተማዋ እውነተኛው ቀትር የሚሆነው 6 ሰዓት ከ22 ደቂቃ ገደማ ነው። ይኸውም ዓመቱን ሙሉ አይጸናም፤ በጥቅምት መጨረሻ ወደ 6 ከ9፣ በየካቲት መጀመሪያ ወደ 6 ከ39 ይንቀሳቀሳል።

ሌላው ስሕተት የዘንጉ መዘንበል ነው። አንድ ዲግሪ ብቻ ቢያዘነብል የጥላው ጫፍ 1.7 ሴንቲ ሜትር ይስታል፤ ከ8 ሴንቲ ሜትር ላይ ይህ ትልቅ ጉድለት ነው። የጥላው ጫፍ ደብዘዝ ብሎ ቢያስቸግራችሁም አትደነቁ። ፀሐይ ነጥብ ሳትሆን ግማሽ ዲግሪ ስፋት ያላት ክብ ስለሆነች፣ ከ1 ሜትር ከፍታ የሚወርድ ጥላ ጠርዙ 9 ሚሊ ሜትር ያህል ይደበዝዛል። መፍትሔው ቀላል ነው፤ በዘንጉ ጫፍ ላይ ትንሽ ቀዳዳ ያላት ካርቶን ስትለጥፉ በጥላው ውስጥ አንዲት ክብ ብርሃን ትወርዳለች፣ መካከሏን ምልክት አድርጉ። እኛ ይህችን ነጥብ እጅግ እንወዳታለን። ጥላው ሲጠቁር ይበልጥ ጎልታ የምትታይ፣ ከፀሐይ ከተነሣች 8 ደቂቃ ከ20 ሴኮንድ ገደማ የሆናት ብርሃን ናት።

ዘመነ ሉቃስ ስለሆነም አንድ ነገር እንጨምር። በባሕረ ሐሳብ፣ ማለትም በቤተ ክርስቲያን የዘመን ስሌት፣ አንድ ዕለት 60 ኬክሮስ ነው፤ አንዱ ኬክሮስ 24 ደቂቃ ይሆናል። ዓመቱ 365 ቀን ሞልቶ 15 ኬክሮስ፣ ማለትም 6 ሰዓት ያህል ይተርፈዋል። ትርፉ በየዓመቱ ሳይቆጠር እየተጠራቀመ በአራት ዓመት 60 ይሞላና በሉቃስ መጨረሻ አንድ ሙሉ ቀን ይሆናል። ለዚህ ነው የ2019 ጳጉሜን 6 ቀን የሚሆነው። በዚሁ ስሌት ከክርስቶስ ልደት በፊት የሚቆጠሩትን 5500 ዓመታት ከ2019 ጋር ደምራችሁ ለ4 ስታካፍሉ 3 ይተርፋል፤ ቀሪው 3 ሲሆን ዘመኑ የሉቃስ ነው። ከቁጥር የወደቀ የሚመስል ጊዜ የትም እንዳልሄደ ከዚህ የበለጠ ምስክር አናውቅም። በሥራ ላይ ያለቀላችሁ ማታ፣ በሕመም የተኛችሁበት ሳምንት ሁሉ ተይዞላችኋል።

ከአዲስ አበባ ውጭ ላላችሁ ልኩ ይለያያል። መቀሌ ላይ በመስከረም 1 የቀትር ጥላ ወደ 16 ሴንቲ ሜትር ነው፣ ወደ ሰሜን። ሞያሌ ያላችሁ ግን ጥላችሁ ገና ወደ ደቡብ ነው፤ 2 ሴንቲ ሜትር እንኳ ስለማይሞላ ቱምቢውን በጣም ጠብቁ። የሚዞርላችሁ ከሁለትና ሦስት ቀን በኋላ ነው። በዓሉ ዕለት ደመና ከሆነባችሁም አይክፋችሁ፣ ዘንጉን እንዳቆማችሁ መስከረም 13ን ጠብቁ። ያን ዕለት ቀንና ሌሊቱ እኩል ስለሚሆን የጥላው ጫፍ ከጠዋት እስከ ማታ ቀጥ ያለ መስመር ላይ ነው የሚሄደው፤ አዲስ አበባ ላይ ቀትሩ 16 ሴንቲ ሜትር ይደርሳል። ታኅሣሥ 12 ላይ ደግሞ 63 አካባቢ፣ የዓመቱ ረጅሙ። ልጆች ካሉ ጠመኔውን ለእነሱ ስጧቸው።

መልካም አዲስ ዓመት! ዘመኑ የጤና፣ የሰላምና የጥጋብ ይሁንላችሁ።