መልሱ የተጻፈበት ፈተና

የአሜሪካ ዜግነት ለማግኘት ስዘጋጅ፣ 100 ጥያቄዎች ከነመልሳቸው የታተሙበትን ወረቀት በየአውቶቡሱ ላይ እያነበብሁ በቃሌ አጠናሁ። ያኔ ፈታኙ ከእነዚያ ውስጥ እስከ 10 ይጠይቅ ነበር፤ 6 የመለሰ ያልፋል። «ማርቲን ሉተር ኪንግ ምን አደረጉ?» ለሚለው «ለዜጎች መብት ታገሉ» ማለት ይበቃ ስለ ነበር፣ ያችን አንዲት ዓረፍተ ነገር እንደ ዳዊት ደግሜ፣ ፈተናውን አልፌ፣ ቃለ መሐላዬን ፈጽሜ ወደ ሥራዬ ተመለስሁ። ስለዚያ ትግል የማውቀው ይኸው ብቻ ነበር።

ከዓመታት በኋላ የ13 ዓመት ልጄ «ማርች» የተባለውን በሥዕል የተተረከ መጽሐፍ ሦስቱንም ክፍል ከትምህርት ቤት ይዛ መጣች። የጥቁር አሜሪካውያን መብት ታጋዩ ጆን ሉዊስ የራሳቸውን የትግል ሕይወት ከአንድሩ አይዲን ጋር ጽፈውት፣ ኔት ፓወል በጥቁርና ነጭ የሣለው ሥራ ነው፤ ሦስተኛው ክፍል በ2016 ናሽናል ቡክ አዋርድ የተባለውን የአሜሪካ የመጻሕፍት ሽልማት አግኝቷል። ሥዕል የበዛበት መጽሐፍ የሕፃን ማባበያ ይመስለኝ ስለ ነበር፣ መጀመሪያ የገለጥሁት ልጄ ከቤት ሥራዋ እየሸሸች እንደ ሆነ ለማጣራት ነው።

እንግሊዝኛዬ በወፍራም መጽሐፍ ላይ ዛሬም ይደክማል፤ እዚህ ግን ዓይኔ ከቃሉ ቀድሞ ይደርስ ነበር። መጋቢት 7 ቀን 1965 በፈረንጆች አቆጣጠር፣ 600 ያህል ሰልፈኞች በአላባማ ግዛት በሴልማ ከተማ ባለው የኤድመንድ ፔተስ ድልድይ ላይ ዱላና አስለቃሽ ጭስ ከያዙ ፖሊሶች ጋር ፊት ለፊት ሲገናኙ፣ የ25 ዓመቱ ሉዊስም የራስ ቅላቸው ሲሰነጠቅ፣ መዝገበ ቃላት አላስፈለገኝም።

ከድልድዩ ይልቅ ግን ልቤን የያዘው ሰዎቹ ወደዚያ የወጡበት ምክንያት ነው። በዚያ አውራጃ ለመምረጥ ዕድሜያቸው ከደረሰ ጥቁሮች የተመዘገቡት ከመቶ ሁለት ያህል ብቻ ነበሩ፤ የቀሩትን ካስቀሯቸው ዘዴዎች አንዱ ደግሞ ፈተና ነበር። ሉዊስ በየንግግራቸው እንዳወሱት፣ በአንድ ሳሙና ውስጥ ስንት አረፋ እንዳለ የተጠየቁ ሰዎች ነበሩ። ለእኔ፣ ትናንት ለመጣሁት፣ እንዳልፍ የተሰናዳ ፈተና ሲቀርብልኝ፣ እዚያው ተወልደው ግብር ለሚከፍሉት የቀረበላቸው እንዲወድቁ የተሰናዳ ነበር። ነሐሴ 6 ቀን 1965 የተፈረመው የመምረጥ መብት ሕግ በአላባማና በመሰል ግዛቶች ይህን ፈተና አገደ።

ልጄ የምዝገባውን ታሪክ ደጋግሜ ሳነብ አይታ «እማዬ፣ አንቺንስ ምን ጠየቁሽ?» አለችኝ። ያንን ወረቀት እስከ ዛሬ ከፓስፖርቴ ጋር ስላኖርሁት አውጥቼ ሰጠኋት። አገላብጣ አየችውና «መልሱ እኮ ሥሩ ተጽፏል!» አለች።