ሦስተኛው ክፍል ላይ መብራት ሄደ

በቢሮአችን ስድስት የስብሰባ ክፍሎች ያሉትን የቪዲዮ ስብሰባ መሣሪያዎች ፈርምዌር (መሣሪያውን የሚያሠራውን ውስጣዊ ሶፍትዌር) ማሻሻል ከጀመርኩ ሦስት ሳምንት ሆነኝ፤ አራቱ አልቀዋል። ያሉን መሣሪያዎች ፖሊ ስቱዲዮ ኤክስ30 እና ኤክስ50 ናቸው፤ ጠረጴዛው ላይ የሚቀመጠው ባለ ንክኪ መቆጣጠሪያ ደግሞ ቲሲ8 ነው።

ሁለቱ ክፍሎች በሰላም አለፉ። ሦስተኛው ላይ ዋናው መሣሪያ ጨርሶ ተነሣ፤ ቲሲ8 ተራው ደርሶት አዲሱን ፈርምዌር ከእሱ በመቀበል ላይ ሳለ መብራት ሄደ። ዋናው መሣሪያ ዩፒኤስ (መብራት ሲሄድ በባትሪ ኃይል የሚሰጥ መሣሪያ) ላይ ስለነበር አልተነካም። መቆጣጠሪያው ግን ድርግም አለ። ለካስ ቲሲ8 የኤሌክትሪክ ኃይሉን የሚያገኘው ከስዊቹ፣ ማለትም የኔትወርክ ኬብሎቹን ከሚያገናኘው ሣጥን፣ በኔትወርክ ኬብል ነው፤ ስዊቹ ደግሞ ኮሪደር ላይ ካለ ተራ ሶኬት ጋር ተሰክቷል! ኬብሉን እስከ መነሻው ተከትዬ አለማየቴ እስካሁን ይቆጨኛል።

መብራት ሲመለስ ስክሪኑ ላይ አርማው ብቻ ወጥቶ ቆመ። ነቅሎ መሰካት እጄን በላኝ፤ ግን ማሻሻያ መሃል ላይ ያለን መሣሪያ መንቀል ጉዳቱን ሊያባብሰው ይችላል። ሃያ ደቂቃ ያህል ቁጭ ብዬ ጠበቅሁ። በመጨረሻ ተነሣ፤ ከዋናው መሣሪያ ጋር እንደገና አጣምሬው የቀረውን ጨረሰ።

አራተኛውን ክፍል የነካሁት ስዊቹን ዩፒኤስ ላይ ካዞርኩ በኋላ ነው። አሁን በየክፍሉ የፈርምዌሩን ፋይል ከማውረዴ በፊት ከእሱ ጋር የሚወጣውን ማስታወሻ አነባለሁ፤ ካለንበት ስሪት በቀጥታ መዝለል ይቻል እንደሆነ፣ ወደ ኋላ መመለስም ይፈቀድ እንደሆነ የሚገኘው እዚያ ነው። ቅንብሩን ወደ ኮምፒውተሬ እገለብጣለሁ። የአስተዳዳሪውን የይለፍ ቃልም ገብቼ እሞክረዋለሁ፤ ወረቀት ላይ የተጻፈው ብዙ ጊዜ ተቀይሮ ይገኛል። አውቶማቲክ ማሻሻያው ከሥራ ሰዓት ውጭ ብቻ እንዲሠራ አድርጌአለሁ።

ሲያልቅ «ተሳክቷል» የሚለውን ጽሑፍ አላምንም። ለባልደረባዬ ደውዬ ከበሩ አጠገብ ካለው የመጨረሻ ወንበር እናገራለሁ፤ ድምፄ ጥርት ብሎ ከተሰማው፣ ካሜራው እኔን ለይቶ ካሳየው፣ ከላፕቶፕ የላክሁትም ምስል ከታየው ያን ጊዜ ክፍሉ አለቀ እላለሁ።

የቀሩት ሁለት ክፍሎች ሌላ ፎቅ ላይ ናቸው። የምጀምረው ቅዳሜ ከሰዓት ነው፤ ዓርብ ግን ወጥቼ የዚያ ፎቅ ስዊች የት እንደተሰካ አያለሁ።