412 ካርድና አንድ ቀሚስ

ትናንት ማታ 412ኛውን የቃል ካርድ ጻፍኩ። ሁሉም ግስ ነው፤ አንድም ስም የለበትም። ደስ ቢለኝ እናቴን ቡና አስፈላኋት («አስፈላ»ን ያዙልኝ፣ እመለስባታለሁ)። እንደ እኔ ቃል መልቀም የጀመራችሁ ስላላችሁ፣ የደረስኩበትንም የተሰናከልኩበትንም ላካፍላችሁ።

አጀማመሬ አጭር ነው። ጎንደር ማራኪ አካባቢ ፎቶ ኮፒ ቤት እሠራለሁ። የአንድ ተማሪ የመመረቂያ ጽሑፍ ስተይብ፣ ሊዮናርድ ብሉምፊልድ የሚባል አሜሪካዊ የቋንቋ ሊቅ በፈረንጆቹ 1933 ያለው ነገር ገጠመኝ፦ መዝገበ ቃላት የሰዋስው ተቀጥላ ነው፣ ሕግ ያልገዛቸው ነገሮች ዝርዝር ነው። መዝገበ ቃላት ሲል የታተመውን መጽሐፍ አይደለም፤ ተናጋሪው በጭንቅላቱ ይዞት የሚዞረውን ነው። ሕግ የሚያወጣውን ሰዋስው ይሠራዋል፣ ሕግ የማይደርስበትን መያዝ ብቻ ነው። ነገሩ ጣመኝና የአማርኛን «ሕግ ያልገዛቸው» ልልቀም ብዬ ተነሳሁ። ከወረቀት መቁረጫው የሚተርፈው ቁራጭ ካርድ ሆነ፣ የጫማ ካርቶን መደርደሪያ ሆነ።

የመጀመሪያዎቹን ወራት ባላነሳቸው ይሻላል። ከ«ሀ» ጀምሬ በፊደል ተራ ስም ስለቅም ከረምኩ። ሙቀጫ ሙቀጫ ነው፣ ሰፌድ ሰፌድ ነው፤ ሁለት መቶ ስም ጽፌ ስለ ቋንቋው ጠብ ያለልኝ ነገር የለም። በስም አትጀምሩ። በፊደል ተራም አትጀምሩ። ካርዶቹን እናቴ ከሰል ማያያዣ አድርጋቸዋለች።

ወደ ግስ ስዞር ነገሩ ነፍስ ዘራ። «ሰበረ» እና «ፈለገ» ሲታዩ ወንድማማች ይመስላሉ። «ይሰብራል» ሲባል ግን «ብ» ይላላል፤ «ይፈልጋል» ሲባል «ል» ይጠብቃል። ለምን? ትርጉማቸው አይናገርም። ከቃሉ ጋር አብሮ መያዝ ነው። የቅኔ ቤት ሰዎች ይህን ድሮ ጨርሰውታል፦ በግእዙ «ቀተለ»ን፣ «ቀደሰ»ን፣ «ባረከ»ንና ሌሎቹን አርእስት አድርገው ያቆማሉ፤ የቀሩትን ግሶች ሠራዊት ብለው ከየአለቃቸው ኋላ ያሰልፋሉ። ከዚህ የተሻለ የካርድ አደራደር አላየሁም፣ እንዳለ ቀዳሁት። አንዱን ካርቶን ደግሞ «ዱርዬ» አልኩት፦ «ተቀመጠ» አለ፣ «ቀመጠ» የለም፤ «ተቀበለ» አለ፣ «ቀበለ» የለም። ወላጅ የሌላቸው ሁሉ እዚያ ይገባሉ።

እስከዚህ ሰላም ነበር። ከዚያ አስደራጊው መጣ፦ ነገሩ እንዲሆን ወይም ሌላው እንዲሠራው ማድረግን የሚናገረው የግስ ቅርጽ።

ትምህርት ቤት የያዝኩት ሕግ እንዲህ ነበር፦ ተሳቢ የማይፈልግ ግስ «አ» ይወስዳል፣ ተሳቢ የሚፈልግ «አስ» ይወስዳል። ደረቀ፣ አደረቀ፤ ጠፋ፣ አጠፋ። ቆረጠ፣ አስቆረጠ፤ ጻፈ፣ አስጻፈ። እንዲህ ከሆነማ ለአስደራጊ ቦታ ማባከን ምን ያደርጋል? ሕጉ ያወጣዋል ብዬ 150 ያህል ግስ ያለ አስደራጊ ጻፍኩ።

ሕጉ የፈረሰብኝ ሠርግ ላይ ነው። አዝማሪው ሰዉን ያስጨፍራል። «ጨፈረ» ተሳቢ የለውም፤ ታዲያ «አጨፈረ» የሚል ሰው ሰምታችኋል? ይህን እያሰብኩ አክስቴ መጥታ አጎረሰችኝ። «ጎረሰ» ደግሞ ተሳቢ አለው፤ የወሰደው ግን «አ» ነው። በላ፣ አበላ። ጠጣ፣ አጠጣ። ለበሰ፣ አለበሰ። ሕጉ በሁለቱም ጎን ተናደ፣ እኔም አፌ ሙሉ ስለነበር ለማንም መናገር አልቻልኩም።

አሁን የምይዘው መንገድ ይህ ነው፦ ተሳቢውን ተዉት፣ ትርጉሙን እዩ። ደረቀ፣ ጠፋ፣ ፈላ እንደሚባለው በባለቤቱ ላይ የሚደርስ ነገር ከሆነ «አ»። ጨፈረ፣ ጻፈ እንደሚባለው ባለቤቱ አስቦ የሚሠራው ከሆነ «አስ»። ወደ ሆድ የሚገባ ወይም ገላ ላይ የሚውል ከሆነ፣ ሠሪው አስቦበት ቢሠራውም «አ»። ቡናው ፈላ፣ እናቴ አፈላች፣ እኔ አስፈላሁ፤ የእኔ «አስ» የተደረበው በእናቴ ሥራ ላይ ነው። ብሉምፊልድን የተጣላሁት እዚህ ላይ ነው። ተቀጥላ ከሆነ እንዴት ያዝዛል? የቱ ቅጥያ እንደሚገባ የሚወስነው ቃሉ ነው፤ ሰዋስው ቃሉን ሳይጠይቅ አንድ እርምጃ አይሄድም። ቅርጹን ሕግ ቢያወጣው እንኳ ትርጉሙ ያመልጣል፦ «እንዳታስበላኝ» ያለ ሰው ስለ ምግብ እያወራ አይደለም። «አስበላ» የራሷ ካርድ አላት።

አሁን ወደ ቀሚሱ። ለጥምቀት እናቴ የአምናው ቀሚሷ ጠበባት። ጎንና ጎኑን ፈትታ፣ ራሷ በመርፌ አሰፋችው። እኔም ባሕር ዳር ላለችው እህቴ «እማዬ ለጥምቀት ቀሚሷን አሰፋች» ብዬ በስልክ ጻፍኩላት። እህቴ ለእማዬ ገዝታ ያስቀመጠችው ጥበብ ነበር፤ መልእክቴን አይታ ለአክስታችን ሰጠችው። የከተራ ዕለት መጥታ እማዬን በአሮጌው ቀሚስ ስታያት ፊቷ ጠቆረ።

«አሰፋች አላልከኝም?»

«አሰፋች እኮ! ያውልሽ፣ ጠቧት የነበረው...»

ስልኳን አውጥታ አፍንጫዬ ሥር ያዘችልኝ። አነበብኩት፣ ደግሜ አነበብኩት፣ ዝም አልኩ።

ሦስት ሳምንት ከዚህ ካርድ አልወጣሁም። ልብስ ሰፋ፣ መንገድ ሰፋ። ሲነገሩም ሲጻፉም አንድ ናቸው፤ ሁለቱም «ይሰፋል»። እኔም በአንድ ካርድ ላይ ቁጥር 1፣ ቁጥር 2 ብዬ ነበር የጻፍኳቸው። አስደራጊው ላይ ግን ይለያያሉ። መንገድ መስፋት የሚደርስ ነገር ነው፣ «አ» ይበቃዋል፤ «ሰ» ላላ። ልብስ መስፋት የሚሠሩት ነው፣ «አስ» ይፈልጋል፤ የ«አስ» «ስ» እና የ«ሰፋ» «ሰ» ተዋውጠው አንድ ጥብቅ «ሰ» ይሆናሉ። ፊደላችን ደግሞ ጥብቁን ከላላው አይለይም። እኔ አላልቼ የጻፍኩትን እህቴ አጥብቃ አነበበችው፦ እማዬ አዲስ ቀሚስ ልብስ ሰፊ ዘንድ አሰፋች ብላ። «አሰከረ» እና «አሳቀ» በሉ፣ ድምፅ አውጥታችሁ። የመጀመሪያው «ሰ» ይላላል፣ የሁለተኛው «ሳ» ይጠብቃል። «አሳቀ»ን ባለ«አ» ብዬ መዝግቤው ነበር፤ ጆሮዬን ሳይሆን ዓይኔን አምኜ። ሱቅ ውስጥ «አሰከረ፣ አሳቀ፣ አሰከረ፣ አሳቀ» ስል አንድ ደንበኛ ኮፒውን ሳይወስድ ሊሄድ ነበር።

በመጨረሻ ባታ አካባቢ ያሉ አንድ የኔታ ዘንድ ሄድኩ። «የኔታ፣ ሰፋ አንድ ቃል ነው ወይስ ሁለት?» አልኳቸው።

«ሁለት ነው እንጂ ልጄ። አንዱ ሰፍሐ፣ አንዱ ሰፈየ። አማርኛው ጫፍ ጫፋቸውን በልቶ አንድ አስመሰላቸው» አሉና ወደ ዳዊታቸው ተመለሱ። ሦስት ሳምንቴን በአንድ ትንፋሽ።

አፈርኩም። አባቶች ቃልን ከሰዋስው ለይተው አላስቀመጡም። የግእዙን ሊቅ የኪዳነ ወልድ ክፍሌን ሥራ ተማሪያቸው ደስታ ተክለ ወልድ አዘጋጅተው በ1948 ዓ.ም. ሲያሳትሙት ርእሱ «መጽሐፈ ሰዋስው ወግስ ወመዝገበ ቃላት ሐዲስ» ነው፤ ሦስቱም በአንድ ጥራዝ። እኔ በአበገደ ተራ (በ«ሀ ለ ሐ» ሳይሆን በ«አ በ ገ ደ» በሚሄደው) መፈለግ ስለሰለቸኝ ስሸሸው የኖርኩ መጽሐፍ ነው።

ከዚህ ሁሉ ያገኘሁት ምርጥ መሣሪያ ትእዛዝ አንቀጽ ነው። ኀላፊው («ሰበረ» የሚለው ያለፈ ጊዜ) ሲያምታታችሁ እዘዙ፦ «መንገዱን አስፋ»፣ «ሱሪ አሰፋ»። ቦዙም እንዲሁ ነው፦ «አስፍታ»፣ «አሰፍታ»። እዚህ ፊደሉ ራሱ ይለያል። ያን ቀን «አስፍታለች» ብዬ ብጽፍ ኖሮ ጥበቡ እማዬ ትከሻ ላይ በዋለ ነበር። ስለዚህ አንድን ግስ በኀላፊው ብቻ አትመዝግቡ፤ ኀላፊ፣ ትንቢት («ይሰብራል» የሚለው)፣ ትእዛዝ፣ ቦዝ፣ አራቱንም ጻፉ። ጥብቁ ላይ በቀይ እስክሪብቶ ነጥብ አድርጉ። ስልክ ላይ መመዝገብን አልመክርም፤ በእኔ ስልክ ኪቦርድ ነጥቧ የለችም።

እንዲህ እያልኩ እመክራለሁ እንጂ፣ እነዚያን ያለ አስደራጊ የጻፍኳቸውን 150 ካርዶች እስካሁን አልነካኋቸውም። «ዝም አለ»፣ «ቁጭ አለ»፣ «ብድግ አለ» የሚሉትንማ አትጠይቁኝ። «ቁጭ» ብቻዋን ምንድን ናት? ካርዷ በማን ስም ይውጣ? «አለ» ሥር ካስገባኋቸው ካርቶኑ ይሞላል፣ ለየብቻ ካደረግኳቸው ደግሞ ትርጉም የምጽፍበት አጣለሁ። ለጊዜው ጠረጴዛው ላይ በላስቲክ ታስረው ተቀምጠዋል።

እህቴ ታርቃኛለች። አክስቴ ደግሞ ጥበቡን ለፋሲካ አሰፋችው፤ ጠብቆ ይነበብ።