ሰባት ወይስ ስምንት?

የምሠራው ወሎ ውስጥ ባለ አንድ ዩኒቨርሲቲ፣ ሕግ ክፍል ነው። ውሎአችን ባብዛኛው ከግዥ ውል ጋር ነው። ኳስ እኛ ጋ አይመጣም። ሚያዝያ 2017 ላይ ግን መጣ።

ቡድናችን 2 ለ 1 አሸነፈ። በነጋታው ተሸናፊዎቹ የተገቢነት ክስ አስያዙ። ሁለቱንም ጎል ያገባው አጥቂያችን ዕድሜው አልፏል አሉ። የውድድሩ ደንብ የዕድሜ ጣሪያውን የቀዳው ከዓለም አቀፉ የዩኒቨርሲቲ ስፖርት ፌዴሬሽን፣ ከፊሱ ነው። ተጫዋቹ በውድድሩ ዓመት ዲሴምበር 31 ላይ ከ25 ዓመት መብለጥ የለበትም። በፈረንጆቹ አቆጣጠር ለ2025 በ2000 ወይም ከዚያ ወዲህ መወለድ አለበት ማለት ነው። እኛ ሞልተን የላክነው ቅጽ 1999 ይላል። ማስረጃቸው የገዛ ወረቀታችን ነው! 3 ለ 0 ፎርፌ ተፈረደብን። ለይግባኝ 48 ሰዓት ተሰጠን።

ያን ሰሞን የአሜሪካኖቹን ክርክር እያነበብኩ ነበር። የቫንደርቢልት ዩኒቨርሲቲው የአሜሪካ ፉትቦል ተጫዋች ዲዬጎ ፓቪያ «ጁኒየር ኮሌጅ፣ የሁለት ዓመቱ ኮሌጅ፣ የተጫወትኩባቸው ዓመታት አይቆጠሩብኝ» ብሎ የኮሌጅ ስፖርት ማኅበራቸውን ኤንሲኤኤን ከሰሰ። ታህሳስ 2017 ላይ የፌዴራል ዳኛ እግድ ሰጠለት፤ አንድ የመጫወቻ ዓመት አተረፈ። ደሜ ሞቀ። ለእግዱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጋችንን ቁጥር 154 መዘዝኩ። ፍትሕ የማግኘት መብትን የሚደነግገውን የሕገ መንግሥቱን አንቀጽ 37 ደረብኩበት። ልጁ በኮቪድና በ2014ቱ ጦርነት ትምህርቱ መቋረጡን ተረኩ። ኤንሲኤኤም ለኮቪድ አንድ ዓመት ጨምሮ ነበር ብዬ ጠቀስኩ። ስድስት ገጽ ሆነ። ሲያምር! የልጁን ፋይል ግን አልከፈትኩም።

በማግስቱ አባቱ ከኩታበር መጡ።

«አባባ፣ ልጅዎ መቼ ነው የተወለደው?» አልኳቸው፣ ለወጉ ያህል።

«አብሽር ልጄ፣ እሱስ አይጠፋኝም። ገናና ዒድ ተከታትለው የዋሉ ጊዜ ነው። ጎረቤቶቻችን የገና ድፎ አመጡልን። እኛ ጾም ላይ ነን፤ ለማፍጠሪያ አስቀመጥነው። በነጋታው ዒድ ሆነ። እናቱ የዒዱ ማግስት ወለደች።»

ፋይሉን አስወጣሁ። የልደት ምስክር ወረቀቱ ታህሳስ 30 ቀን 1992 ይላል። ዘመነ ዮሐንስ ስለነበር ያን ዓመት ገና የዋለው በ28 ነው። ዒዱ በ29። ሽማግሌው አንድ ቀን እንኳ አልሳቱም።

ቅጹን የሞላው ሰው 1992 ላይ ሰባት ደምሮ 1999 ብሏል። ፈረንጆቹ ግን ርችት እየተኮሱ 2000ን የተቀበሉት ታህሳስ 22 ላይ ነው። ከዚያ ወዲያ የሚደመረው ስምንት ነው። ልጁ የተወለደው ጃንዋሪ 9 ቀን 2000 ነው። በዘጠኝ ቀን ይተርፍ ነበር።

ቅጹ ግርጌ ላይ «ተመርምሯል» የሚል ማህተም አለ። ከሥሩ ፊርማ። የኔ ፊርማ።

አፍሬ ስድስቱን ገጽ ቀደድኩት። ግማሽ ገጽ ጻፍኩ፤ የልደት ወረቀቱንና የቀን መቁጠሪያውን ስሌት አያይዤ፣ 48 ሰዓቱ ሊሞላ ሲል አስገባሁ። ኮሚቴው ሰኞ ተሰብስቦ ፎርፌውን ሻረ። ያለ ብዙ ክርክር።

ዋንጫው ግን ቅዳሜ ተበልቷል። እኛ በሌለንበት።

ከዚያ ሁሉ ጽሑፌ የሚጠቅመው አንድ ነገር እግዱ ነበር። ይግባኙ እስኪታይ ፎርፌው ይታገድልን የሚል አንድ መስመር። ፓቪያ ጊዜው ሳያልፍበት ያገኘው እሱን ነው። እኔ ከስድስቱ ገጽ ጋር አብሬ ቀደድኩት።

ልጁ ወረቀቱን ሊወስድ መጣ። አልተቆጣም። ቢቆጣ ይሻለኝ ነበር።

«በሚቀጥለው ዓመትስ?» አለኝ።

በጣቴ ቆጠርኩ። ለ2026 የሚፈለገው በ2001 የተወለደ ነው።