ሁሉን አዘጋጅቼ በሩን ረሳሁት

ስለ ምጥ ያልነገረኝ ሰው አልነበረም። እናቴ፣ አክስቶቼ፣ የቢሮ ጓደኞቼ፣ ሊፍት ውስጥ ያገኘኋት የማላውቃት ሴት ሳትቀር የየራሳቸውን አውርተውልኛል። ስለ ማዋለጃ ክፍሉ በር ግን አንድም ሰው ትንፍሽ አላለም። እኔ ልናገር።

የመጀመሪያ ልጄን ስጠብቅ ረጋ ያለ ወሊድ እንዲኖረኝ ቆርጬ ተነሳሁ። ቅብጠት አልነበረም። ማህፀንን የሚያኮማትረው ሆርሞን ኦክሲቶሲን ይባላል። ሰው ሲፈራና ሲደነግጥ ደግሞ ሰውነቱ አድሬናሊን ያመነጫል፤ እሱ ሲበዛ ምጡ ሊጓተት ይችላል። ድመት እንኳ ልትወልድ ስትል ጨለማ ጥግ ፈልጋ ትደበቃለች። እኔም ጥጌን ላዘጋጅ አልኩ።

ክትትሌን በደንብ ተከታተልኩ። ከባለቤቴ ጋር የወሊድ ትምህርት ወሰድን፤ ወገቤን በመዳፉ እንዴት እንደሚጫን ተማረ። ዘፈን መረጥኩ። በባትሪ የምትሠራ ደብዛዛ መብራት ገዛሁ። የራሴ ትራስ፣ ካልሲ፣ የከንፈር ቅባት፣ ኤርፎን፣ ሁሉም ቦርሳ ገባ። ሦስት ገጽ የወሊድ ዕቅድም ጻፍኩ፤ ያውም ርዕስና ንዑስ ርዕስ ያለው። የመሥሪያ ቤት ሪፖርት ነው የሚመስለው።

ምጡ አመሻሽ ላይ ጀመረ። ቤት የቆየሁባቸው ሰዓታት ከዚያ ሌሊት ሁሉ የሚሻሉት ነበሩ። መብራት ቀንሰን፣ እኔ ወዲያ ወዲህ እያልኩ፣ እሱ ወገቤን እየተጫነ። የተነገረን ምልክት በየ5 ደቂቃው የሚመጣ፣ 1 ደቂቃ የሚቆይ፣ እንዲህ እያለ 1 ሰዓት የሚዘልቅ ቁርጠት ነው። እዚያ ሲደርስ ወጣን። (ይህ ጤነኛ እርግዝና ላላትና ቤቷ ሩቅ ላልሆነ ሴት ነው። ደም ከፈሰሰ፣ የሽርት ውሃው አረንጓዴ ከሆነ ወይም የልጁ እንቅስቃሴ ከቀነሰ ደቂቃ መቁጠር የለም፤ ወዲያው መሄድ ነው።)

ስንደርስ አዩኝ። የማህፀን በሬ 5 ሴንቲ ሜትር ተከፍቷል። «ጎበዝ፣ ግቢ» ተባልኩ። ጋውን ለበስኩ። ባለቤቴን «አንተ ካርዷን አስጨርሰህ ና» አሉት። ቦርሳው ትከሻው ላይ ነው። ዕቅዱ ጃኬቱ ኪስ ውስጥ ነው። ስልኬም እሱ ጋ ነው። «መጣሁ» ብሎኝ ወጣ።

በሩ ተዘጋ። ያ በር ከውጭ በኩል እጀታ የለውም።

ካርዱን አስጨርሶ ሲመለስ ጥበቃው «ወንድ አይገባም» አለው። «በክትትል ጊዜ ተፈቅዶልናል» ቢለው፣ «ማን ፈቀደ?» አለው። የፈቀደችው የቀን ሐኪሟ ነበረች። የሌሊት ተረኞች ወሬውንም አልሰሙ። ካርዴ ላይ የተጻፈ ነገር የለም። «እሺ ተረኛዋን ጠይቅልኝ» ሲለው ደግሞ «ሥራ ላይ ናት» ሆነ መልሱ። ይህን ሁሉ የሰማሁት በኋላ ነው። ውስጥ ሆኜ የማውቀው መጣሁ ያለኝ ሰው አለመምጣቱን ብቻ ነው።

ክፍሉን ልንገራችሁ። አምፖሉ ልክ ከፊቴ በላይ ነው፤ ዓይኔን ብጨፍንም ይታየኛል። ፊት ለፊቴ የግድግዳ ሰዓት አለ። የሰከንዱ ዘንግ አንድ ይራመድና ደግሞ ትንሽ ወደ ኋላ ይንቀጠቀጣል። ሦስት ሰዓት ተኩል እሷን ስመለከት ቆየሁ። ከመጋረጃው ወዲያ ሌላ ሴት ታምጣለች፤ የሷን ስሰማ የኔም ይብስብኛል። ጥግ ላይ አንዲት ሠራተኛ ስለ ቤት ኪራይ ስልክ ታወራለች። በሩ በተከፈተ ቁጥር ባለቤቴ መስሎኝ ቀና እላለሁ። ጓንት ፈላጊ ነው። ደግሞ ይከፈታል። ባልዲ የያዘች ሴት ናት።

አንዴ ጮህኩ። ተረኛዋ «አንቺ ብቻ ነሽ እንዴ የምትወልጂው?» አለችኝ።

ያቺ ነገር እስከ ዛሬ ታቃጥለኛለች። ዕቃ ሳጥብ ስንት ዓይነት መልስ መልሼላታለሁ መሰላችሁ። ያኔ ግን ያልኩት «ይቅርታ» ነው። በምጥ መሃል ይቅርታ ጠየቅኩ! ከዚያ በኋላ ጥርሴን ነክሼ ዝም አልኩ። ትከሻዬ ጆሮዬ ድረስ ወጣ። በጀርባዬ ተኝቼ፣ የአልጋውን ብረት ጨብጬ፣ ጎበዝ ታካሚ ለመሆን እየታገልኩ።

ከሌሊቱ 9 ሰዓት ላይ እንደገና አዩኝ። «ኧረ እዚያው ናት» አለች አንዷ ለሌላዋ፤ ጭቃ ውስጥ ስለተያዘ መኪና የምታወራ ይመስል። በሰዓት 1 ሴንቲ ሜትር መከፈት አለበት ሲባል ሰምቼ ስለነበር፣ ሰዓቱን አየሁና ሰውነቴ የከዳኝ መሰለኝ። የዓለም ጤና ድርጅት በ2018 እ.ኤ.አ. ባወጣው የምጥና የወሊድ መመሪያ የአንድ ሰዓት አንድ ሴንቲ ሜትር ልኬት ለሁሉም ሴት እንደማይሠራ፣ እናትና ልጅ ደህና እስከሆኑ ድረስ ቀስ ማለቱ ብቻውን ለማጣደፍ ምክንያት እንደማይሆን ጽፏል። ይህን ያወቅኩት ልጄን ታቅፌ ሳነብ ነው። ያን ሌሊት ባውቀው ኖሮ ቢያንስ ግማሹ ፍርሃት ይቀርልኝ ነበር።

ያኔ ነው አንዲት ጠና ያሉ አዋላጅ የገቡት። ሌላ ክፍል ሲያዋልዱ አምሽተው ነው አሉ። ካርዴን ከማንሳታቸው በፊት ወደ ጆሮዬ ዝቅ ብለው «የኔ ልጅ፣ ማን አለሽ?» አሉኝ።

«ባለቤቴ ነበር። ጠፋ» አልኩና ለቅሶዬን ለቀቅኩት።

ወጡ። ሁለት ደቂቃ አይሞላም። ይዘውት ገቡ። አለቀ፤ ይኸው ነው። ያን ያህል ሰዓት የተከለከለ ሰው በሁለት ደቂቃ ገባ።

ከዚያ ያደረጉትን ሁሉ አስታውሳለሁ። ሹራባቸውን አወለቁና ሰዓቱ ላይ ሰቀሉት። እጃቸው ላይ ሰዓት አላቸው፤ የግድግዳው ለኔ ነው እንዴ? አምፖሉን አጠፉና የኔን ትንሽ መብራት ወለሉ ላይ አስቀመጡ። «ተነሺ፣ በጀርባሽ ማን ተኚ አለሽ?» ብለው አልጋው ላይ በክርኔ ተደግፌ እንድቆም አደረጉኝ። የልጁን የልብ ምት በቆምኩበት አዳመጡ። «መጮህ ከፈለግሽ ጩኺ። ግን ከሆድሽ ይውጣ፣ ከጉሮሮሽ አይሁን» አሉኝ። አገጬን ላላ አድርጌ እንደ ላም እምምም አልኩ። ሰማንያ ሰው ቢሰማኝ ግድ አልነበረኝም። ባለቤቴ ከኋላዬ ሆኖ ወገቤን በሁለት መዳፉ ተጫነ። እጁ ይንቀጠቀጥ ነበር።

11 ሰዓት ላይ 8 ሴንቲ ሜትር ሆንኩ። 12፡40 ላይ ልጄ ተወለደች። ደረቴ ላይ አደረጉልኝ፤ እትብቱን ለመቁረጥ አልቸኮሉም፤ እጠቧት ያለም የለም።

የቆመው ምጥ በፍርሃት ምክንያት ነው ብዬ አልምልም። ምናልባት ራሱ የሚፈታበት ሰዓት ደርሶ ይሆናል። ግን የመጀመሪያውን ሦስት ሰዓት ተኩልና የኋለኛውን ሦስት ሰዓት ተኩል ያየሁት በአንድ ሰውነት ነው። ሕመሙ በኋላ ባሰ እንጂ አልቀነሰም። እኔ ግን አልፈራሁም።

ጥበቃው ላይ ብዙ አልፈርድም፤ የታዘዘውን ነው የሠራው። ደንቡን ያወጣው ሰው ግን ሌሊት እዚያ በር ላይ ቆሞ ያውቃል? ያው የ2018ቱ መመሪያ እያንዳንዷ ወላድ የመረጠችው ሰው አብሯት እንዲሆን ይመክራል። ምክሩ በሩ ጋ ሲደርስ ግን እሱም እጀታ ያጣል መሰለኝ።

ከሁሉ በላይ የተናደድኩት በራሴ ነው። ክትትል ላይ «ባለቤቴ ይገባል አይደል?» ስል ሐኪሟ እየጻፈች፣ ቀና እንኳ ሳትል «ችግር የለውም» አለችኝ። እኔም ደስ ብሎኝ ወጣሁ። «ችግር የለውም» ፈቃድ አይደለም። «ማን ነው የሚያስገባው? በሌሊትስ? ካርዴ ላይ ይጻፍልኝ» ማለት ነበረብኝ። ሦስት ገጽ የጻፍኩ ሴት ይህችን አንድ መስመር ማስጻፍ ሼም ያዘኝ።

አሁን የእርጉዝ ጓደኞቼን የምጨቀጭቀው በዚህ ነው። ማዋለጃውን በቀን ብቻ ሳይሆን ከመሸም ሄዳችሁ እዩት። ጥበቃውን ሰላም በሉት፣ ማን እንደሚያስገባ ጠይቁት። አብሯችሁ የሚገባው ሰው ለካርድም ለመድኃኒትም አይውጣ፤ ለመላላክ ሌላ ሰው ይምጣ። እናት፣ እህት፣ ጎረቤት፣ ማንም ይሁን። ዕቅዱ አራት መስመር ይበቃዋል፤ ሁለት ኮፒ ይሁንና አንዱ እናንተ እጅ ላይ ይቅር።

የሰጡን ወረቀት «ስልክ ይዞ መግባት ክልክል ነው» ይላል። እኔ ድምፁን አጥፍቼ ይዤ እገባለሁ፤ ይቀየሙኝ። ያው ወረቀት «ምጥ ከጀመረ ምንም አትቅመሺ» ይላል። የዓለም ጤና ድርጅት መመሪያ ደግሞ የተለየ ችግር ለሌለባት ሴት መብላትም መጠጣትም ይፈቅዳል። ስለዚህ ወረቀቱን አንብባችሁ ዝም አትበሉ፤ ሐኪማችሁን ስለ ራሳችሁ ጠይቁ፤ ቀዶ ጥገና የሚያሰጋ ነገር ካለ መልሱ ሌላ ሊሆን ይችላል። ትምህርቱ ላይ ያስተማሩን እየቆጠሩ መተንፈስ ደግሞ ለኔ አልሆነም። አራት ላይ ስደርስ ቁጥሩ ይጠፋኛል። ኤርፎኑ ከነፕላስቲኩ ተመለሰ። ትንሿ መብራት ግን ዋጋዋን እጥፍ ከፍላለች።

ቤት ከገባን በሦስተኛው ቀን የባለቤቴን ጃኬት ላጥብ ኪሱን ስፈትሽ ዕቅዱን አገኘሁት። አራት ቦታ ታጥፏል። ጀርባው ላይ በእርሳስ ተጽፏል፦ «6፡05 ጠየቅኩ። እምቢ። 6፡40 ጠየቅኩ። እምቢ። 7፡15 ድምጿን ሰማሁ። 7፡20 ጠየቅኩ። 8፡00 ድምጿ ጠፋ።» ከዚያ በታች ሰዓት የለም፤ እርሳሱ ወረቀቱን የቀደደበት ቦታ ብቻ ነው ያለው።